መሰንቆ መድረክ ይውጣ?

የተወደዳችሁ መዘምራን፣ ሀሊም ኤል-ዳብ የሚባሉ አቀናባሪ ነበሩ፤ ተወልደው ያደጉት ግብፅ፣ ኋላ ዜግነታቸው አሜሪካዊ። የሙዚቃ ምሁሯ ዴኒስ ሲችሪስት ሕይወታቸውንና ሥራቸውን አጥንተው በ2003 እ.ኤ.አ. መጽሐፍ አሳትመዋል። እኛን የሚነካን የአዲስ አበባ ዘመናቸው ነው። በ1963 እ.ኤ.አ. ኦርኬስትራ ኢትዮጵያን ሲመሠርቱ፣ አብዛኛውን ጊዜ ለየብቻ ይሰሙ የነበሩትን መሰንቆ፣ ክራር፣ ዋሽንትና በገና አንድ መድረክ ላይ አገናኙ። የእኛን ከእኛ ይልቅ አከበሩት ማለት ይቻላል።

እናንተስ? ወረታ ገበያ መሰንቆ ስትሰሙ «የአዝማሪ ነው» ብላችሁ ታልፋላችሁ፤ ኪቦርድ ግን ያለ ጥያቄ መድረክ ይወጣል። (ኪቦርዱስ ጭፈራ ቤት አያውቅም?) መዝሙር 150ን ክፈቱ፤ መሰንቆ በስሙ ተጠርቷል። ከመካከላችሁ ዋሽንት የሚነፋ የፎገራ ልጅ ካለ፣ ለቅዳሜው ልምምድ ይዞ ይምጣ።