«ፋይሉ አልተገኘም» ሲላችሁ



ኮምፒውተር ላይ አንድ ፕሮግራም ለመክፈት ሁለት ጊዜ ስትጫኑ፣ ፕሮግራሙ በመነሣት ፈንታ «ይህ ፋይል ስለጠፋ መጀመር አልተቻለም» የሚል ትንሽ መስኮት ገጥሟችሁ ያውቃል? የፋይሉ ስም ፊደልና ቁጥር የተደባለቀበት ነው፤ መጨረሻው ላይ «ዲ ኤል ኤል» ይላል። ብዙዎቻችን በዚያች ቅጽበት ከሁለት አንዱን እናስባለን፤ ወይ ኮምፒውተሩ ተበላሽቷል፣ ወይ ቫይረስ ገብቶበታል። ብዙ ጊዜ ግን ሁለቱም አይደሉም። ዛሬ ስለዚህ ፋይል ላጫውታችሁ። ጉዳዩ የኮምፒውተር ተማሪዎች ብቻ ይመስላል፤ ያላወቀውን ሰው ግን ገንዘብ ያስወጣዋል።

ከጅማ ወደ አጋሮ በሚወስደው መንገድ፣ በማናና በጎማ ያደጋችሁ ልጆች የማኅበር እሸት ቡና መፈልፈያ ታውቃላችሁ። ቀዩ እሸት ሲደርስ እያንዳንዱ ገበሬ በጓሮው የራሱን ማሽን አይተክልም። ማሽኑ ውድ ነው፤ ውኃ ይፈልጋል፤ የማስጫ አልጋውም ሰፊ ቦታ ይይዛል። ስለዚህ ማኅበሩ አንድ ቦታ ላይ ይተክለዋል፤ ሁሉም እሸቱን ተሸክሞ ወደዚያ ይሄዳል። ገበሬው ማወቅ ያለበት መፈልፈያው የት እንዳለ፣ ምን ዓይነት እሸት እንደሚቀበልና ምን እንደሚያገኝበት ነው። ሞተሩ እንዴት እንደሚዞር ማወቅ አይጠበቅበትም።

ዲ ኤል ኤልም እንደዚሁ ነው። ፕሮግራም የሚጽፍ ሰው ፊደል በስክሪን ላይ መሣልን፣ ቁጥር ማስላትን፣ ወደ ፕሪንተር መላክን በየጊዜው ከባዶ አይጀምርም። እነዚህ ሥራዎች አንድ ጊዜ ተጽፈው በጋራ ፋይል ውስጥ ይቀመጣሉ። ፕሮግራሙ ሲነሣ የሚፈልጋቸውን ፋይሎች በስማቸው ይጠራል። ዊንዶውስ እ.ኤ.አ. በ1985 ከወጣበት ከመጀመሪያው ስሪት ጀምሮ በዚህ አሠራር ቆሟል። በሊኑክስ እነዚህ ፋይሎች «ኤስ ኦ»፣ በማክ ደግሞ «ዲ ዋይ ሊብ» የሚል ቅጥያ አላቸው። ጥቅማቸው ብዙ ነው። ዲስክና ሜሞሪ ይቆጥባሉ፤ በጋራው ፋይል ውስጥ ስሕተት ሲገኝ አንድ ቦታ ላይ ማረም ለሁሉም ይደርሳል። ጉዳቱም ከዚያው ይመጣል፤ መፈልፈያው የቆመ ቀን የሰፈሩ ሁሉ እሸት መበላሸት ይጀምራል።

ከወጣት ኅብረታችን አንዲት እህት የመመረቂያ ጽሑፏን ስትሠራ ይህ ነገር ገጠማት። ዳታዋን የምትተነትንበትን ፕሮግራም ከጓደኛዋ ላፕቶፕ ላይ በፍላሽ ገልብጣ ነበር። ስትከፍተው «ኤም ኤስ ቪ ሲ ፒ 140» የሚባል ፋይል የለም አላት። ያሳየችው ሰው ሁሉ ማሽኑ አርጅቷል፣ ሌላ ግዢ ብሎ መከራት። አባቷ በአጋሮ አቅራቢያ ቡና አምራች ናቸው፤ ዋጋው እስኪሻሻል ብለው ጀንፈሉን በጆንያ አስቀምጠዋል። ያ ጀንፈል የቤቱ ሁሉ ቁጠባ ነው። እሁድ ከአምልኮ በኋላ መጥታ «ጋሼ፣ አባዬ ነገ ጀንፈሉን ሊሸጥልኝ ነው፤ የትኛው ላፕቶፕ እንደሚሻል ይንገሩኝ» አለችኝ።

ቁጭ ብለን አየነው። ማሽኑ ደኅና ነበር። የጓደኛዋ ኮምፒውተር ላይ ያ ፋይል አስቀድሞ ነበረ፤ ሌላ ፕሮግራም ሲጫን አብሮ ገብቷል። እርሷ የገለበጠችው የፕሮግራሙን ፎልደር ብቻ ስለሆነ ፋይሉ እዚያው ቀረ። ማይክሮሶፍት በነጻ የሚሰጠውን «ቪዡዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል» የሚባል ጥቅል አውርዳ ጫነች። መልእክቱ ግን አልሄደም። ለካ የጫነችው የ64 ቢቱን ነው፤ ፕሮግራሙ ደግሞ የ32 ቢት ነበር። የ32 ቢቱን ስትጨምርበት ተከፈተ። ማታ ወደ ቤት ደውላ ጀንፈሉ ይቆይ አለች።

እናንተም ቢገጥማችሁ እንዲህ አድርጉ።

አንደኛ፣ የጠፋውን ፋይል ስም አንድም ፊደል ሳትስቱ ጻፉ። ስሙ «ኤም ኤስ ቪ ሲ ፒ» ወይም «ቪ ሲ ራንታይም» ብሎ የሚጀምር ከሆነ መድኃኒቱ ከላይ የነገርኳችሁ ጥቅል ነው።

ሁለተኛ፣ ያንን አንድ ፋይል ብቻ ነጥሎ ከሚሰጥ ከማታውቁት ድረ ገጽ አታውርዱ። ዲ ኤል ኤል ፕሮግራም ነው፤ የጠራው ፕሮግራም ማድረግ የሚችለውን ሁሉ እርሱም ያደርጋል። ፋይሎቻችሁን ማንበብና ማጥፋትም ይችላል። ጥቅሉን ከሠራው ድርጅት ገጽ ውሰዱ።

ሦስተኛ፣ ፕሮግራም ስትለዋወጡ ፎልደሩን ሳይሆን መጫኛውን ተለዋወጡ።

አራተኛ፣ 64 ቢት ዊንዶውስ ካላችሁ ሁለቱንም ጥቅሎች ብትጭኑ አይጋጩም። እዚህ ላይ ስም አያሳስታችሁ፤ «ሲስተም 32» የተባለው ፎልደር የሚይዘው የ64 ቢት ፋይሎችን ነው፤ የ32 ቢቶቹ ያሉት «ሲስ ዋው 64» ውስጥ ነው።

አምስተኛ፣ በተጫኑ ፕሮግራሞች ዝርዝር ውስጥ የዚህን ጥቅል የ2008፣ የ2010፣ የ2012 እና የ2013 ስሪቶች ጎን ለጎን ብታዩ ተደጋገመ ብላችሁ አታጥፉ። እያንዳንዱ በዚያ ስሪት ለተሠሩ ፕሮግራሞች ያስፈልጋል። ከ2015 ወዲህ ያሉት ግን አንዱን ይጋራሉ።

ይህ አሠራር የመጣው ከችግር ነው። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አዲስ ፕሮግራም ሲጫን የጋራውን ፋይል በራሱ ስሪት ይተካው ነበር፤ ትናንት የሠራው ሌላ ፕሮግራም ዛሬ ይቆማል። ባለሙያዎች «የዲ ኤል ኤል ሲኦል» ብለው ስም አወጡለት። በኋላ እ.ኤ.አ. በ2001 የወጣው ዊንዶውስ ኤክስፒ የተለያዩ ስሪቶች ጎን ለጎን እንዲኖሩ ፈቀደ። የቡና ልጆች ይህ አይከብዳችሁም። እ.ኤ.አ. በ1971 የቡና ፍሬ በሽታ ወደ አገራችን ሲገባ በጅማ፣ መልኮ ያለው የምርምር ማዕከል በሽታውን የሚቋቋሙ ዝርያዎችን መርጦ አወጣ። 74110 እና 74112 የሚባሉትን ችግኞች በጓሯችሁ አይታችሁ ይሆናል፤ 74ቱ የተመረጡበትን ዓመት ይናገራል። አዲስ ዝርያ ወጣ ብሎ ፍሬ የሚሰጠውን የሚነቅል ገበሬ የለም። እያንዳንዱ ለሚስማማው መሬት ይቆያል።

በስልካችሁ አማርኛ ስታነቡም በጋራ ፋይሎች ላይ ተደግፋችሁ ነው። የግእዝ ፊደል እ.ኤ.አ. በ1999 ወደ ዩኒኮድ ከመግባቱ በፊት የአማርኛ ፕሮግራሞች የየራሳቸው ኮድ ነበራቸው፤ በአንዱ የተጻፈ ደብዳቤ በሌላው ሲከፈት የማይነበብ ምልክት ይሆናል። ዛሬ በፋየርፎክስ፣ በክሮምና በአንድሮይድ ፊደላትን ከፎንቱ አውጥቶ በቦታቸው የሚደረድረው «ሃርፍባዝ» የተባለ የጋራ ላይብረሪ ነው፤ ስሙ የተወሰደው ከፋርስ ቋንቋ ነው። «አይ ሲ ዩ» የተባለው ሌላው ላይብረሪ ደግሞ የኢትዮጵያን ዘመን አቆጣጠር ከነጳጉሜው ያውቃል። ዐሥራ ሦስተኛ ወራችንን ቁጭ ብሎ በኮድ የጻፈልን ሰው አለ። ስሙን አናውቀውም፤ በየቀኑ ግን በሥራው እንጠቀማለን።

እንዲህ ያሉ ሰዎች ሲደክሙ ምን እንደሚሆን ላንሣ። «ኤክስ ዜድ» የሚባል ፋይል መጭመቂያ ላይብረሪ አለ፤ እጅግ ብዙ የሊኑክስ ኮምፒውተሮች ይጠቀሙበታል። ለዓመታት የጠበቀው ላሴ ኮሊን የሚባል ፊንላንዳዊ ነው፤ ያለ ደመወዝ፣ በትርፍ ሰዓቱ። ዝሎ ባለበት ወቅት ለምን ትዘገያለህ የሚሉ መልእክቶች ሲበዙበት፣ ጂያ ታን በሚል ስም የቀረበ አንድ «ረዳት» ከሁለት ዓመት በላይ በትጋት ሠርቶ አመኔታውን አገኘ። ከዚያ በ2024 መጀመሪያ ላይብረሪው ውስጥ የተሰወረ በር አስገባ፤ በርቀት ወደ ኮምፒውተሮች ሰብሮ የሚያስገባ። አንድሬስ ፍሮይንድ የሚባል መሐንዲስ ወደ ኮምፒውተሩ ለመግባት ግማሽ ሰከንድ ያህል እንደዘገየበት አስተዋለ፤ ለምን ብሎ ሲከታተል በማርች 2024 በሩን አገኘው። ነገሩ በሰፊው ሳይሠራጭ ተያዘ።

ከዚህ ታሪክ ሁልጊዜ የሚከነክነኝ ከመሐንዲሱ ንቃት ይልቅ ያ ብቻውን የደከመ ሰው ነው። በሥራው የሚጠቀሙ ብዙዎች ነበሩ፤ እንዴት ነህ ብሎ የጠየቀው ግን ጥቂት ነበር። ስለ አካልና ስለ ብልቶች በየኅብረታችሁ ብዙ ጊዜ አጥንታችኋል፤ ስለዚህ አልደግመውም። ግን እስቲ በዙሪያችሁ ተመልከቱ። መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተሩን የሚያስነሣው ማነው? የመዘምራኑን ድምፅ ማጉያ ማነው የሚያነሣው? ቤታችሁ ውስጥ ማለዳ ተነሥቶ ውኃ የሚቀዳው ማነው? «ፋይሉ አልተገኘም» የሚል መስኮት ሳይመጣ በዚህ ሳምንት አንዱን ጠይቁት፤ ደክሞት ከሆነም ሥራውን አብራችሁ ያዙ።