ኢዝማይሎቮ፣ የብረት አንሺዎቹ ቤት

ሞስኮ የተማራችሁ ሰዎች ኢዝማይሎቭስኪ ፓርክ የሚባለውን የሜትሮ ጣቢያ እንደማትረሱት አምናለሁ፤ ያ እንደሌሎቹ ሁለት ሳይሆን ሦስት ሐዲድ የተዘረጋበት፣ በጦርነቱ ዘመን በ1944 የተከፈተው፣ የሽምቅ ተዋጊዎች ሐውልት ቆሞ የሚቀበላችሁ ጣቢያ። በ2005 ስሙን ለውጠው ፓርቲዛንስካያ ብለውታል። ይሁን፣ አገሩ የእነሱ ነው። እኛ ግን በአምስት ኮፔክ ገብተን የምንወርደው ኢዝማይሎቭስኪ ፓርክ ላይ ነበርና እኔ በዚያው ስም እጠራዋለሁ። (ዓመተ ምሕረቱንም በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው፤ እዚያ የኖረ ሰው ልማዱ አይለቀውም።)

የ1980 ሐምሌ ነው የማወራችሁ። ኦሎምፒክ ሊጀመር ሲል ከተማዋ እንግዳ እንደሚጠብቅ ቤት ተጠርጋ፣ ተቀብታ፣ ልጆቹ ወደ ክረምት ካምፕ፣ ብዙው ተማሪም ወደ ግንባታ ሥራ ተልኮ፣ መንገዱ ጭር ብሎ ነበር። በዚያ የቀረነው በየሱቁ የፊንላንድ ቋሊማ ተደርድሮ ስናይ፣ በትንሽ ካርቶን የታሸገ ጭማቂ በቀጭን መምጠጫ ስንጠጣ፣ ፋንታ እንደልብ ስናገኝ፣ ይህ ሞስኮ ነው ወይስ ሌላ አገር እያልን እንሳሳቅ ነበር። ያ ሁሉ ጨዋታው ካበቃ በኋላ ቀስ በቀስ ከመደርደሪያው ጠፋ፤ የፋንታው ጣዕም ግን እስከ ዛሬ ምላሴ ላይ አለ።

የሐበሻው ሁሉ ልብ ሌኒን ስታዲየም ነበር፤ ምን ይደረግ፣ ምሩጽ ይፍጠር እያለ ማን ሌላ ነገር ያያል! ሐምሌ 27 ቀን የ10 ሺህ ሜትሩን ወርቅ ሲወስድ፣ መሐመድ ከድርም ነሐሱን ሲጨምርበት፣ ያን ቀን የነበረውን ደስታ የነበራችሁ ታውቁታላችሁ፣ እኔ መንገር አይጠበቅብኝም። ስለ ኢዝማይሎቮ የሚያወራ ሰው ግን እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም። ሽታንጋ (ብረት ማንሳት) ማን ሊያይ ሄደ ብላችሁ ነው? እኔን የወሰደኝ የሰፈሬ ትዝታ ነው። አዲስ አበባ ሳለን ታላላቆቻችን ባዶ የወተት ጣሳ በሲሚንቶ ሞልተው፣ የውሃ ቧንቧ በመሀሉ ሰክተው፣ ግቢ ውስጥ ከቆጡ አጠገብ እያቃሰቱ ሲያነሱት እያየሁ ያደግሁ ልጅ ነኝና፣ የዓለም ጉልበተኞች እዚሁ ሜትሮ ጣቢያ ጎን ተሰብስበዋል ሲባል እንዴት አልሄድም?

ከጣቢያው ስትወጡ በአንድ ወገን ለዚያው ኦሎምፒክ የተሠሩት የኢዝማይሎቮ ሆቴል ሕንጻዎች ሽቅብ ተገትረዋል፤ አልፋ፣ ቤታ፣ ቬጋ፣ ጋማ፣ ዴልታ ተብለው፣ ለብዙ ዓመታት በስፋቱ ከዓለም አንደኛ ሲባል የኖረ ሆቴል ነው። እናንተ ግን ወደ ሲሬኔቪ ጎዳና፣ ወደ አካል ማጎልመሻው ተቋም ትታጠፋላችሁ፤ በበርች ዛፎቹ ሥር፣ ዝናብ መትቶት የደረቀ አስፋልት እየሸተታችሁ፣ ነጭ ሸሚዝ የለበሱ ሚሊሺያዎች በትሕትና ትኬታችሁን እያዩ (ትሕትናቸውም የዚያ ሐምሌ ብቻ ነበር)፣ ወደ ስፖርት ቤተ መንግሥቱ ትደርሳላችሁ።

አዳራሹ ገና ቀለሙ ይሸት ነበር። ከቀለሙ በላይ ግን ሌላ ሽታ ነበረው፤ አንሺዎቹ ወደ መድረክ ከመውጣታቸው በፊት አፍንጫቸው ሥር የሚያስጠጓት የአሞኒያ ሽታ፣ እጃቸውን የሚያሹበት ነጭ ዱቄት፣ የቆዳ ቀበቶና ላብ፣ ሁሉም ተቀላቅሎ። ሰውየው ይወጣል፤ ዱቄቱን ሁለት እጁ ላይ ያጨበጭበዋል፤ ጭጋጉ በመብራቱ ውስጥ ቀስ ብሎ ይወርዳል። ቀዩ ዲስክ 25 ኪሎ፣ ሰማያዊው 20፣ ቢጫው 15 መሆኑን ከአጠገቤ የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ሩሲያዊ ነበሩ ያስተማሩኝ፤ ከዚያ በኋላ ሰሌዳውን ማየት ትቼ በቀለሙ እደምር ነበር። ደግሞም ያ ጸጥታ! ሺህ ሰው ትንፋሹን ውጦ፣ የብረቱ ዘንግ ሲለመጥ የምትሰማውን ድምፅ ሁሉም ይሰማታል። ከዚያ ሦስቱ ዳኞች መብራታቸውን ያበራሉ፤ ሁለት ነጭ ከበራ አዳራሹ ይፈነዳል፣ ሁለት ቀይ ከሆነ ደግሞ እንደ አንድ ሰው ‹‹ኡይ›› ይላል። በኋላ የመጡት ትልልቅ አዳራሾች ሙዚቃቸው ስለሚጮህ ያን ጸጥታ አላገኘሁባቸውም፤ በቴሌቪዥን ባየሁት ቁጥርም ድምፁን ዘግቼ ነው የማየው።

ከሌኒናካን የመጣውን አርመናዊ ዩሪክ ቫርዳንያንን ያየ ሰው እድለኛ ነው። በ82.5 ኪሎ ምድብ በሪቮክ (ብረቱ በአንድ ጊዜ ከራስ በላይ በሚነሳበት) 177.5፣ በቶልቾክ (መጀመሪያ ትከሻ ላይ ዐርፎ በሚነሳበት) 222.5፣ ድምሩ ድፍን 400 ኪሎ! በክብደቱ ይህን ያደረሰ ከእሱ በፊት አልነበረም። ከእሱ በላይ ባሉት በሁለቱ ምድቦች ያሸነፉት፣ የ90 ኪሎው ሃንጋሪያዊ 377.5፣ የ100 ኪሎው ቼክ ደግሞ 395 ነበር ያነሱት፤ ትንሹ ሰው ትልልቆቹን በልጦ ማደሩ ያን ሰሞን በየካንቲኑ ይወራ ነበር። ሰውነቱ የተቀረጸ ነበር፤ ሲያነሳም ከጉልበት ይልቅ ፍጥነት ነበር የሚታየው።

በመሀሉ፣ ሐምሌ 25፣ ዘፋኙና ተዋናዩ ቪሶትስኪ ሞተ። ጋዜጦቹ ብዙም አላወሩለትም፤ ሕዝቡ ግን ሰምቶ በታጋንካ ቲያትር ደጅ ጎረፈ። ይህን ለምን አነሳሁ፤ ቪሶትስኪ ስለ ብረት አንሺ የዘፈነው አንድ ዘፈን ነበረው፣ ለቫሲሊ አሌክሴዬቭ መታሰቢያ ያደረገው። አሌክሴዬቭ ራሱ ኢዝማይሎቮ መድረክ ላይ የወጣው ቪሶትስኪ በሞተ በአምስተኛው ቀን ነው።

አሌክሴዬቭ ማን እንደነበር ለወጣቱ መንገር ያስፈልግ ይሆናል። በ1972 ሙኒክ፣ በ1976 ሞንትሪያል ወርቅ የወሰደ፣ 80 የዓለም ሪከርድ የሰበረ፣ ሦስት ዓይነት ማንሳት በነበረበት ዘመን 600 ኪሎ ለመደመር የመጀመሪያው የሆነ፣ ሆዱ ቀድሞት የሚገባ ግርማ ሞገሳም ሰው ነበር። በ1980 ግን 38 ዓመቱ ነው፤ ከሁለት ዓመት በፊት በአሜሪካ ተጎድቶ ወጥቶ ከዚያ ወዲህ በውድድር አልታየም። በሪቮክ መጀመሪያ ያስጫነው 180 ኪሎ ነበር። አነሳ፣ ጣለ። በብረት ማንሳት ሕግ የተጫነ አይቀነስም፤ እዚያው ላይ ደግሞ ሞከረ፣ ጣለ። ሦስተኛውንና የመጨረሻውንም ጣለ። ያኔ ከአዳራሹ ፉጨት ተነሳ፤ የራሱ ሰዎች ናቸው ያፏጩበት፣ ለአሥር ዓመት ሲያጨበጭቡለት የኖሩት። እኔ ያንን ፉጨት እስከ ዛሬ እንደ ነውር ነው የምቆጥረው። አጠገቤ የነበሩት ሽማግሌ ኮፍያቸውን አውልቀው ጭናቸው ላይ አስቀመጡ እንጂ አላፏጩም። ያን ምሽት ወርቁን ሱልጣን ራክማኖቭ በ440 ኪሎ ወሰደ፤ ድንቅ አንሺ ነበር፣ ግን ስለ እሱ ማን ያወራል።

ብረት አንሺዎች ዕድላቸው ሆኖ የራሳቸው ቤት ጸንቶ አይቆይላቸውም። አበበ ቢቂላ ሁለተኛውን የማራቶን ወርቅ በወሰደበት የቶኪዮ ጨዋታ ሶቪየታዊው ብረት አንሺ ዣቦቲንስኪ የአገሩን ልጅ ቭላሶቭን በ2.5 ኪሎ ብቻ የበለጠው በሺቡያ የሕዝብ አዳራሽ ነበር፤ እሱ ፈርሶ በቦታው በ2019 ሌላ ተከፍቷል። በሜክሲኮ 1968 ብረቱ የተነሳው ግንባሩ ላይ የዲዬጎ ሪቬራ ትልቅ ሥዕል ባለበት ቲያትር ቤት ውስጥ ነው፣ ብረቱ ወጥቶ ተዋንያኑ ተመለሱ። የሴኡሉ አዳራሽ ዛሬ የሙዚቃ ድራማ ይታይበታል፣ የአቴናው ለፒሬየስ ዩኒቨርሲቲ ተሰጠ፣ የሲድኒው ፈረሰ። ኢዝማይሎቮ እንኳ ሕንጻው አለ፤ ሶቪየት ኅብረት ከፈረሰች በኋላ ግን በዙሪያው ቼርኪዞቭስኪ የሚሉት ግዙፍ ገበያ ተተከለ፤ ያ የበርች ዛፍ መንገድ በጨርቅ ቦንዳና በጋሪ ተሞላ፤ ገበያውም በበኩሉ በ2009 ተዘጋ።

ሰዎቹም ሄደዋል። ራክማኖቭ በ2003፣ አሌክሴዬቭ በ2011፣ ቫርዳንያን በ2018 አረፉ። በዚያ ሐምሌ ኢዝማይሎቮ የነበራችሁ ካላችሁ፣ ትኬታችሁ በአሮጌው የሩሲያኛ መዝገበ ቃላት ገጾች መሀል ተኝቶ ይሆናልና አትጣሉት። ለልጆቻችሁ ስለ አሌክሴዬቭ ስታወሩም፣ እባካችሁ ከፉጨቱ በፊት 80ውን ሪከርድ አስቀድሙላቸው።