ዘመንን በጣት አንጓ

ከባሕር ዳር የተነሳው ጀልባ ጣናን አቋርጦ ዘጌ ሲደርስ እንግዳውን የሚቀበለው የቡና ጫካ ነው። አብዛኛው ሰው በጥላው ሥር አቀበቱን ወጥቶ፣ የኡራ ኪዳነ ምሕረትን ሥዕሎች አይቶ ይመለሳል። እኔን ያስቀረኝ የበዓላት ቀን የሚወጣበት ስሌት፣ ባሕረ ሐሳብ ነው።

«የኔታ፣ የ2018ን ትንሣኤ በምን አወቁት?» አልኳቸው የባሕረ ሐሳቡን መምህር። መጽሐፍ አልገለጡም። አንዱን ተማሪ ጠርተው «በል፣ ለእንግዳው አውጣላቸው» አሉት። ልጁ ግራ እጁን ዘረጋና የጣቶቹን አንጓ እየነካ ጀመረ።

5500 ላይ 2018 ሲደመር 7518 ዓመተ ዓለም ይሆናል። ለ4 ሲካፈል 2 ይተርፋል፤ ዘመኑ የወንጌላዊው ማርቆስ ነው። ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። ከዚያ ላይ 1 ለዘመን ሲቀነስ 12 ይቀራል፤ ይህ ወንበር ነው። ወንበሩን በ11 አባዝቶ ሠላሳ ሠላሳውን ገደፈ፤ አበቅቴ 12 ወጣ። በ19 አባዝቶ ገደፈ፤ መጥቅዕ 18 ሆነ። ሁለቱ ሲደመሩ 30 ናቸው። በየትኛውም ዓመት ቢሞከር ድምራቸው ከ30 አያልፍም፣ አይጎድልም።

መጥቅዕ ከ14 ሲበልጥ በመስከረም፣ ሲያንስ በጥቅምት ይውላል። መስከረም 18 እሑድ ነበር። መጥቅዑ በዋለበት ዕለት የሚደመርለት ቁጥር ተውሳክ ይባላል፤ የቅዳሜ ተውሳክ 8፣ የእሑድ 7፣ የሰኞ 6 እያለ እስከ ዐርብ 2 ድረስ ይወርዳል። 18 እና 7፣ 25፤ የነነዌ ጾም ጥር 25 ሰኞ ገባ። ከነነዌ እስከ ትንሣኤ 69 ቀን ነው፤ ሁለት ወር ከ9 ቀን። 25 ላይ 9 ሲጨመር 34፣ ሠላሳው ሲገደፍ 4። «ሚያዝያ 4» አለና ልጁ እጁን ሰበሰበ።

እኔ ግን ከዚያ መነሳት አቃተኝ። ቁጥሮቹ በዘፈቀደ የመጡ አይደሉም። የጨረቃ ዓመት 354 ቀን ስለሆነ ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ይጎድላል፤ አበቅቴ የሚቆጥረው ይህን ጉድለት ነው። በ19 ዓመት ጨረቃና ፀሐይ ይገናኛሉ፤ በ28 ዓመት ዕለትና ወንጌላዊ ይገጥማሉ። 19 በ28 ሲባዛ 532 ይሆናል፤ ዐቢይ ቀመር ይህ ነው፤ ሲሞላ የበዓላቱ ሥርዓት ሁሉ እንደገና ከመነሻው ይጀምራል። ቀኑ ራሱ በ60 ኬክሮስ ይከፈላል። ከ365 ቀን በላይ በየዓመቱ የሚተርፈው 15 ኬክሮስ በአራት ዓመት አንድ ቀን ሞልቶ ጳጉሜን 6 ያደርጋታል።

ቤተ ክርስቲያን የባሕረ ሐሳብን ድርሰት ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ ትሰጣለች። የሥነ ፈለክ ታሪክ ሊቁ ኦቶ ኖይገባወር በ1979 እ.ኤ.አ. ስለ ኢትዮጵያ ሥነ ፈለክና የዘመን ስሌት ራሱን የቻለ መጽሐፍ አሳትሟል። እኛ ግን በዓሉ መቼ እንደሚውል ለማወቅ የግድግዳ ካላንደር እንጠብቃለን፤ ያሳዝናል። እንዲህ ያለ ጥበብ በየቤቱ፣ በየትምህርት ቤቱ የሂሳብ ክፍለ ጊዜ ሊገባ ይገባዋል።

እስቲ ዛሬ ማታ ከልጆችዎ ጋር የ2019ን ያውጡ። ወንበሩ 13 ነው፤ መጥቅዑ የሚውለው ጥቅምት ላይ ቅዳሜ ቀን ነው። ሚያዝያ 24 ካገኛችሁ ባሕረ ሐሳብን ጀምራችኋል።