በታክሲ ሰልፍ ላይ የሰማሁት እንግሊዝኛ

ዋሽንግተን ታክሲ መንዳት የጀመርኩት በዞን ዘመን ነው። ሜትር የገባው በ2008 እ.ኤ.አ. ነው፤ ከዚያ በፊት ከተማው በዞን ተሸንሽኖ ካርታው ታክሲው ውስጥ ይለጠፍ ነበር፤ ሒሳቡም በታለፉት ዞኖች ብዛት ይታሰባል። አንዲት መንገድ ተሻግሮ የወረደ ሰው ሳይሻገር ከወረደው በላይ ይከፍላል። ጭቅጭቁ የሚነሳው እዚያ ላይ ነው። «ፌሩ ስንት ነው?» ይለኛል። እነግረዋለሁ። «ይሄማ ፌር አይደለም!» ሒሳቡም ፌር፣ ፍትሑም ፌር። በአጻጻፍ ይለያያሉ እንጂ ለጆሮ አንድ ናቸው። እኛ ሹፌሮች ደግሞ ተሳፋሪውን ራሱን ፌር እንለው ነበር፤ «ፌር ይዣለሁ፣ በኋላ ልደውልልህ» ብለን ስልክ እንዘጋለን።

አገር ቤት እንግሊዝኛ የተማርነው ከመጽሐፍና ከጥቁር ሰሌዳ ነው። ቃሉን የምናውቀው በዓይናችን ነው፤ ፊደሉን ካየነው ትርጉሙ አይጠፋንም። ታክሲ ውስጥ ግን ቃል የሚመጣው ከኋላ፣ በጆሮ ብቻ ነው፤ ያውም ግማሹ ተውጦ። የከተማው ጎዳናም አያግዝም። ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ የተዘረጉት የመሀል ከተማ ጎዳናዎች በላቲን ፊደል ይጠራሉ። ሲ ስትሪት አለ፤ ሲ ባሕርም ነው፣ ማየትም ነው። ቲ ስትሪት አለ፤ ቲ ሻይ ነው። ዩ ስትሪት አለ፤ ዩ አንተም አንቺም ነው። አይ ስትሪትማ ፊደሉ ከቁጥር 1 ጋር ስለሚመሳሰል ብዙ ቦታ «ዓይን» በሚለው የእንግሊዝኛ ቃል ተጽፎ ይገኛል።

ከሁሉም የሚያስቸግሩት ካፒታልና ካፒቶል ናቸው። ዋና ከተማው በኤ፣ ባለጉልላቱ የምክር ቤት ሕንፃ በኦ ይጻፋል፤ ሲነገሩ ግን አንድ ናቸው። ካፒቶል ሒል የምክር ቤቱ ሰፈር ነው፤ ካፒታል ሒልተን ደግሞ ከኋይት ሀውስ በስተሰሜን፣ 16ኛው ጎዳና ላይ ያለ ሆቴል። ጉዞ ያደከመው እንግዳ ሻንጣውን አስጭኖ የቃሉን ጫፍ ከዋጣት ሹፌሩ «ወደ መኝታ ነው ወደ ስብሰባ?» ብሎ ከመጠየቅ በቀር መላ የለውም።

ይሄ በጥያቄ ይፈታል። የሚከብደው የአራዳው ቋንቋ ነው። የዋሽንግተን ጥቁሮች የራሳቸው አላቸው። «ሞ» ወዳጄ ማለት ነው። «ጆንት» ጫማም፣ ዘፈንም፣ ቤትም፣ የተፈለገው ነገር ሁሉ ሊሆን ይችላል። «ላንቺን» ምሳ መብላት ይመስላል፤ እነሱ ግን ቀልቡን ለሳተ ሰው ነው የሚሉት።

አንድ ምሽት ዩኒየን ስቴሽን ተሰልፈናል። ከፊቴ ወዳለው ታክሲ ቦርሳ ያነገተ ወጣት በስልክ እያወራ ገባ። በሩ ሳይዘጋ «ኪል፣ ሞ! ኪል!» ሲል ተሰማ። ሹፌሩ በዕድሜ የሚበልጡኝ ያገሬ ሰው ነበሩ፤ ዘለው ወረዱ። «ግደለው እያለ ነው! አልወስደውም!» ልጁም ወርዶ ቆመ። ፊቱ ላይ ቁጣ አላየሁም፤ ነገሩን የለመደ ሰው ፊት ነበር። እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ እሱ ነው። ታክሲዎች ጥቁር ወጣት አይጭኑም፣ ከአናኮስቲያ ወንዝ ማዶ አይሻገሩም የሚለው ስሞታ በከተማው የታወቀ ነበር፤ ሐሰትም አልነበረም።

«ኪል» በእነሱ አነጋገር «እውነትህን ነው» እንደ ማለት ነው። «ጋሼ» አልኳቸው፤ «እኛ ‹እናቴ ትሙት› ብለን ስንምል እናታችንን ልንገድል ነው እንዴ?» መልስ አልሰጡኝም። ልጁን እኔ ጫንኩት።

ጉድ ሆፕ ሮድ ነበር የሚሄደው፤ ዛሬ በቀድሞው ከንቲባ በማሪዮን ባሪ ስም የሚጠራው ጎዳና ነው። የአናኮስቲያን ድልድይ ስንሻገር በስልኩ የሰማውን ነገረኝ፦ የአጎቱ ልጅ ሥራ አግኝቷል። ሲወርድ ቁጥሬን ጠየቀኝ። አያቱ የሐኪም ቀጠሮ አላቸው፤ ታክሲ ሲጠሩ አይመጣላቸውም።

እንዲህ ሆኖ አሮጊቷን ማመላለስ ጀመርኩ። «ባማ» የሚለውን ቃል ያስረዱኝ እሳቸው ናቸው። ቃሉ ከደቡቡ ክፍለ ግዛት ከአላባማ ስም የተቆረጠ ነው። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ስድስት ሚሊዮን ያህል ጥቁሮች የደቡቡን ድህነትና የዘር መድልዎ ሸሽተው ወደ ሌሎቹ ክፍለ ግዛቶች ፈልሰዋል። ዋሽንግተን ቀድሞ የገባው ኋላ የመጣውን፣ አለባበሱና አነጋገሩ የገጠር የሆነውን፣ «ባማ» ይለዋል። ሴትዮዋ የመጡት ከደቡብ ካሮላይና ነው፤ እሳቸውም ባማ ተብለዋል።

እኛም «ፋራ» እንላለን አልኳቸው። ተቃራኒው አራዳ እንደሆነ፣ አራዳም የአዲስ አበባ ሰፈር ስም እንደሆነ ነገርኳቸው። «እናንተም ሰውን በመጣበት ነው የምትሰድቡት» አሉኝ። ቀጥለው ስለ ጫማቸው አጫወቱኝ። እናታቸው ጥጥ ለቅመው ባገኙት ገንዘብ የገዙላቸው ጥቁር፣ ባለማሰሪያ የወንድ ጫማ ነበር። ዋሽንግተን ትምህርት ቤት በገቡበት ዓመት ልጆቹ ያን ጫማ እያዩ «ባማ! ባማ!» ይሏቸው ነበር። ተረከዙ እስኪያልቅ ድረስ ሌላ ጫማ አላደረጉም።