እሸት ቡና አያድርም



እኛ የሚዛን ተፈሪና የቴፒ ልጆች አንድ ነገር እያየን ነው ያደግነው። ቀይ እሸት ቡና በተለቀመበት ቀን መፈልፈያ ጣቢያ መድረስ አለበት። ካደረ ይበላሻል፤ ጣዕሙም ዋጋውም ይወርዳል። አባቶቻችን በለቀማ ወቅት እስከ ማታ የሚሯሯጡት ለዚህ ነው። እኛም በዚያው ቡና ገንዘብ ከአገራችን ርቀን ዩኒቨርሲቲ ገባን።

ግቢ ስንገባ ግን ይህን ትምህርት ረሳነው።

ሦስተኛ ዓመት ላይ ከዶርማችን ልጆች አንዱ ባልጠበቀው ኮርስ ኤፍ መጣበት። "ወረቀቴ በድጋሚ ይታረምልኝ" ብሎ መምህሩን ጠየቀ። "ሰኞ ና" ተባለ። ሰኞ ሲሄድ መምህሩ ለሥልጠና ወጥቷል። ዲፓርትመንቱ "እሱ ይምጣ" አለ። ሬጅስትራሩ "ከዲፓርትመንት ደብዳቤ አምጣ" አለ። በዚህ መሐል የምዝገባው ጊዜ አለፈ። ያንን ኮርስ ሳያልፉ ቀጣዩን መውሰድ ስለማይቻል ልጁ ከባቹ ተነጠለ።

ተናደድን። "እንከሳለን!" ብለን ወደ አንድ ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከል ሄድን። ባለሙያዋ በትዕግሥት ሰምታን ሁለት ነገር ብቻ ጠየቀችን፦ "ማመልከቻችሁ የታለ? የተሰጣችሁ መልስስ?"

ዝም አልን። ሁሉንም የጠየቅነው በቃል ነበር።

ከዚያ አስረዳችን። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት አለው። የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ደግሞ በአስተዳደር ተቋም ውሳኔ ቅር የተሰኘ ሰው መጀመሪያ እዚያው ተቋም ቅሬታውን እንዲያቀርብ፣ ካልተፈታለትም ውሳኔው በፍርድ ቤት እንዲከለስለት እንዲጠይቅ መንገድ ይከፍታል። ዳኛ ግን ቀይ እስክሪብቶ ይዞ ፈተና አያርምም፤ የሚያየው ተቋሙ ሕጉንና የራሱን ደንብ መከተሉን ነው።

በሌላም አገር እንዲሁ ነው። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1984 ደንቡ ካልፈቀደ ተማሪ ድጋሚ እርማት እንደ መብት ሊጠይቅ አይችልም ብሎ ወሰነ። በ2011 ግን ተማሪ የታረመ ወረቀቱን የማየት መብት አለው አለ። ወረቀትን ማየት ብቻውን ስንቱን ስህተት ያወጣ ነበር!

የጓደኛችን ወረቀት በመጨረሻ ታየ። የአንድ ገጽ ማርክ ሲደመር ተዘልሏል። ኤፉ ተነሳ፤ አልሐምዱሊላህ። ግን እኛ ጋዋን ለብሰን ስንመረቅ እሱ ከቤተሰብ መቀመጫ ሆኖ አጨበጨበልን። አባቱ ቡና ሸጠው ለምርቃቱ ያስቀመጡትን ብር ለተጨማሪ አንድ ዓመት ቀለብ ላኩለት።

ማርክ መስጠት አማና ነው። ያንን አማና በጊዜው መጠየቅ ደግሞ የእኛ ድርሻ ነው። ስለዚህ ውጤት በወጣ ቀን የግቢያችሁን የቅሬታ ቀነ ገደብ እወቁ። በጽሑፍ አመልክቱ፤ ቀን ያለበትና የተፈረመበት ኮፒ አስቀሩ፤ መልሱንም በጽሑፍ ጠይቁ። "ሰኞ ና" ሲሏችሁ ደግሞ የጓደኛችንን ዓመት አስታውሱ።

አላህ ልፋታችሁን ፍሬ ያድርግላችሁ።