ጭብጨባ ሚዛን አይደለም

ብዙ ሰው ሥራን የሚመዝነው በሚያስገኘው ዝና ነው። እኔም በዚሁ ሚዛን ስመዝን ኖሬ፣ ሚዛኔ ሐሰተኛ መሆኑን የተረዳሁት በታናሽ እኅቴ ምክንያት ነው።

እኅቴ በልጅነቷ በመንዝ ደጋ በግ ስትጠብቅ፣ ባናዋን ተከናንባ የእናታችንን አነጋገርና አረማመድ እያስመሰለች እረኞቹን ታስቅ፣ አንዳንድ ጊዜም ታስለቅስ ነበር። ከፍ ስትል አዲስ አበባ ሄዳ ተዋናይት ለመሆን ፈቃድ ጠየቀችኝ። እኔም ታላቅነቴን ተመክቼ «የጨዋ ልጅ አዝማሪ ሆነች ልታሰኚን ነውን?» ብዬ አሳፈርኋት። ከዚያ ወዲያ ነገሩን አላነሣችውም፤ ተድራ፣ ወልዳ፣ ገብስ ስታጭድና ሱፍ ስትፈትል ኖረች።

ከብዙ ዓመት በኋላ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን ፊልም አየሁ። የጎንደር ተወላጅ የሆነው ኃይሌ ገሪማ በአሜሪካ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ፣ በአውሮጳውያን አቆጣጠር በ1974 ዓ.ም.፣ አብዮቱ በፈነዳበት ዓመት፣ አገሩ መጥቶ በጥቁርና ነጭ ያነሣው ነው። ባለጠጋ ኩባንያ አልደገፈውም፤ ያሠራቸውም በትወና ሙያ ያልሠለጠኑ ሰዎች ናቸው። ፊልሙ በ1976 ዓ.ም. ሎካርኖ በተባለችው የስዊስ ከተማ ተሸለመ፤ የዲሬክተሩም ስም በዓለም ተሰማ።

ከተዋንያኑ ዝርዝር ውስጥ ሐረገ ወይን ታፈረ የሚል የሴት ስም አለ። ይህን ስም በገበያ ብትጠራው ዘወር የሚል ሰው አታገኝም። ነገር ግን እርስዋና ጓደኞችዋ ሁለት ሰዓት ተኩል በሚፈጀው በዚያ ፊልም ውስጥ የአንድ ጭሰኛ ቤተ ሰብ ኑሮ ያሳያሉ። ባለርስቱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ሲሳደብ፣ እነርሱ ከጎሕ እስከ ማታ ይደክማሉ፤ ከብት ጠባቂዪቱንም ልጅ ሞልቶ የመጣ ወንዝ ይወስዳታል። መንዝ የርስት አገር ስለ ነበረ የእኛ ቤት የጭሰኛ ቤት አልነበረም፤ ቢሆንም የሴቶቹ ጎንበስ ቀና ማለትና ዝምታቸው የእናቴ ነበረ። አጠገቤ የተቀመጠው ሰው እንዳያየኝ ፊቴን በነጠላዬ ሸፈንሁ።

መንዝ ወርጄ ለእኅቴ ሁሉን ነገርኋትና ይቅርታ ለመንኋት። እንዝርቷን ሳታቆም ጥቂት ዝም ብላ፣

«ጋሼ፣ እኔ እኮ ስሜ እንዲጠራ አልነበረም የፈለግሁት። የእማዬን ድካም ሰው ይይልኝ ብዬ ነበር። አንቱ ግን ምን ፈልገሽ ነው ብለው አልጠየቁኝም» አለችኝ።

ይቅርታውን ሰጠችኝ፤ ያለፈውን ዕድሜ ግን ማን ይመልስልን?

አንባቢ ሆይ፣ ልጅህ ወይም እኅትህ ያላሰብኸውን ሙያ ስትመርጥ፣ ሰው ምን ይለናል ከማለትህ በፊት፣ ምን ልትሠሪበት ነው ብለህ ጠይቃት። የተዋናይት ክብሯ በጭብጨባው ብዛት አይደለም፤ ማንም ያላየውን ድካም በማሳየቷ ነው። ስሟ ቢረሳ እንኳ ያሳየችው አይረሳም።