የዳኛ ጆሮ

አፈ ንጉሥ ነሲቡ መስቀሎ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የዳኞች አለቃ ነበሩ፤ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮች ሲሾሙም የመጀመሪያው የፍርድ ሚኒስትር ሆኑ። አፈ ንጉሥ ማለት የንጉሥ አፍ ማለት ነው። እኛ ግን የላስታን ዳገት በእግራችን ስንወጣ ያሰብነው ስለ ዳኛው አፍ ሳይሆን ስለ ጆሮው ነው።

በዚያ ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ በነጠላቸው ጫፍ ተቋጥረው፥ ቁራኛ ሆነው ወደ ዳኛ ይሄዱ ነበር። በአገሩ ዳኛ ፍርድ ቅር የተሰኘ የላስታ ገበሬ፥ ይግባኙን አዲስ አበባ ለማሰማት ከአቡነ ዮሴፍ ተራራ ሥር ተነሥቶ የዋድላን ደጋና የበሽሎን ሸለቆ አልፎ ሸዋን ማቋረጥ ነበረበት። ስንቁ በመንገድ ካለቀ፥ እውነት ይዞ ሳለ ሙግቱ ይቀርበታል።

በ1934 ዓ.ም. የወጣው የፍርድ አስተዳደር አዋጅ በየጠቅላይ ግዛቱ ፍርድ ቤት እንዲቆም በደነገገ ጊዜ ያ መንገድ አጠረ። ይሁን እንጂ መንገድ አጠረ ማለት ሙግት አጠረ ማለት አይደለም። ቀጠሮ በቀጠሮ ላይ ሲደራረብ፥ ባለጉዳዩ ዳገቱን በጽሕፈት ቤታችን ደጃፍ እንደ ገና ይወጣል። እንግዲህ ወንበር የተሰጠን ሁሉ፥ ለመናገር ከመቸኮላችን በፊት ከሩቅ የመጣውን ፈጥነን እንስማው።